ግመሉ የጠየቀው ጥያቄ

ስለ ዣክ ካዞት የሰማ ሰው ካጋጠማችሁ፣ ከአሥር ዘጠኙ የሚያወራችሁ ስለ መጽሐፉ አይደለም፤ ስለ ትንቢቱ ነው። ወሬው እንዲህ ይላል። ጊዜው 1788 መጀመሪያ፣ ቦታው ፓሪስ ነው (ዓመቶቹን ሁሉ እንደ ፈረንጆቹ አቆጣጠር ያዙልን)። አንድ ትልቅ ሰው ቤት እራት ተበልቷል፤ ወይኑም እንደ ጉድ ተቀድቷል። ታዳሚው የዘመኑ ምሁር፣ መኳንንትና እመቤት ነው። ሃይማኖት ላይ ይቀለዳል፤ የዕውቀት ዘመን ደረሰልን ተብሎ ብርጭቆ ይነሣል። አንድ ሽማግሌ ብቻ ዝም ብሏል። ቆይቶ አፉን ሲከፍት እንግዶቹን አንድ በአንድ እየጠራ መጨረሻቸውን ይነግራቸዋል። ፈላስፋው ኮንዶርሴ እስር ቤት ወለል ላይ መርዝ ጠጥቶ ይሞታል። ጸሐፊው ሻምፎር የገዛ ደም ሥሩን ይቆርጣል። የከዋክብት ተመራማሪው ባዪ፣ አዛውንቱ ማልዜርብና ገጣሚው ሩሼ አንገታቸው ይቆረጣል። ዱሼስ ደ ግራሞን እጃቸው የኋሊት ታስሮ በጋሪ ይወሰዳሉ። እምነት የለሹ ላ ሃርፕ ደግሞ (ይኼኛው ነው ያሳቃቸው) ክርስቲያን ይሆናል። እነሆ በስድስት ዓመት ውስጥ ሁሉም ተፈጸመ።

ማታ ማታ ሲያወሩት ፀጉር ያቆማል። መቼም እኛ አገር ትንቢት ሲባል ጆሮው የማይቆም የለም። ትልቅ ነገር በተፈጠረ ቁጥር «ይኼማ ድሮ ተነግሯል» የሚል አዛውንት በየሰፈሩ አለን፤ ፍካሬ ኢየሱስን ከሣጥን አውጥቶ ገጹን የሚያሳይም አይጠፋም። የካዞት ትንቢት ችግሩ አንድ ብቻ ነው። ካዞት አልተናገረውም።

ታሪኩን የጻፈው ያው ላ ሃርፕ ነው። ላ ሃርፕ በ1803 ሞተ፤ ጽሑፉ የታተመው በ1806 ነው። በዚያን ጊዜ በእራቱ ላይ የተጠሩት እነ ኮንዶርሴ ከሞቱ አሥር ዓመት አልፏቸዋል። ይባስ ብሎ ላ ሃርፕ ራሱ በእጅ ጽሑፉ መጨረሻ ላይ ትንቢቱ የምናብ ፈጠራ መሆኑን ገልጾ ነበር፤ ያቺ ክፍል ግን ከመጀመሪያው ኅትመት ተዘለለች፤ ለሕዝብ የቀረበችው ቆይታ ነው። ጅብ ከሄደ ውሻ ጮኸ ማለት ይኼ ነው። የሚገርመው፣ እውነቱ ከወጣ በኋላም ትንቢቱ አልሞተም። ሰውየው ዛሬም የሚታወሰው ባልተናገረው ነገር ነው።

እኛ ደግሞ የጻፈውን ይዘን እንከራከራለን።

ካዞት በ1719 ዲዦን ከተማ ተወለደ። ያስተማሩት ኢየሱሳውያን ናቸው፤ እኛ ከአፄ ሱስንዮስ ታሪክ ጋር የምናውቃቸው ማለት ነው። ካደገ በኋላ በባሕር ኃይል መሥሪያ ቤት በአስተዳደር ሠራተኛነት ገባና ወደ ማርቲኒክ ተላከ፤ ማርቲኒክ ያኔ በባሪያ ጉልበት ስኳር የሚመረትባት የካሪቢያን ደሴት ነበረች። እዚያው አገባ፤ መሬትም ያዘ። ወደ አገሩ ሊመለስ ሲል ንብረቱን በደሴቲቱ ለነበሩት የኢየሱሳውያን አለቃ ለአባ ላቫሌት ሸጠ፤ ዋጋውንም በሐዋላ ሰነድ ተቀበለ። አባ ላቫሌት ነጋዴም ነበሩና ከሰሩ። ሰነዱ ባዶ ወረቀት ሆነ። ካዞትም ያሳደጉትን ሰዎች ከሰሰ። የላቫሌት ዕዳ ጉዳይ ማኅበሩን ከፍርድ ቤት ፍርድ ቤት ሲያንከራትት ቆይቶ በ1764 ኢየሱሳውያን ከፈረንሳይ እንዲታገዱ በር ከፈተ። ስለዚህ ስለ ሰይጣን ከመጻፉ በፊት ስለ ዕዳ በደንብ ያውቅ ነበር።

ከዚያ በኋላ ከወንድሙ በወረሰው ቤት፣ ሻምፓኝ ውስጥ ፒዬሪ በምትባል መንደር ተቀመጠ። ወይን ያለበት አገር፣ ሰፊ ቤት፣ ጊዜ። በ1772፣ በሃምሳዎቹ ዕድሜ ላይ ሳለ፣ «ፍቅር የያዘው ሰይጣን» የምትለውን ትንሽ ልብ ወለድ አሳተመ። እኛ እጅ የገባችው በእንግሊዝኛ ትርጉም፣ በፎቶ ኮፒ፣ ጠርዟ በቡና ተነክራ ነው። በአንድ ቅዳሜ ታልቃለች።

ታሪኩ እንዲህ ነው። አልቫሬ የሃያ አምስት ዓመት ስፔናዊ ነው፤ በኔፕልስ ንጉሥ ዘብ ውስጥ ሻምበል ነው፤ ደመወዙን በቁማርና በወሬ ይጨርሳል። ሶቤራኖ የሚባል ጠና ያለ ባልደረባ አለው። አንድ ማታ ሶቤራኖ ፒፓውን ይዞ የማይታይ አገልጋዩን ይጠራል፤ ፒፓው ከእጁ ይጠፋና ተለኩሶ ይመለሳል። አለቀ፤ ልጁ አበደ። እኔም ልማር ይላል። ሶቤራኖ ትምህርቱ ጊዜና ትዕግሥት እንደሚፈልግ ሲነግረው፣ አልቫሬ ጊዜ የለኝም፣ የሰይጣኑን አለቃ ባገኘው ጆሮውን እጎትተዋለሁ ብሎ ይፎክራል። ፉከራውን ሰሙለት። ወስደው ቬሱቪየስ እሳተ ገሞራ ግርጌ፣ ፖርቲቺ ፍርስራሽ ውስጥ፣ በጨለማ ብቻውን አቆሙት።

ይጠራል። ከላይ መስኮት ይከፈታል፤ ዓይን የሚያጠፋ ብርሃን ይወርዳል፤ ከብርሃኑም ውስጥ ጆሮው የሚያስፈራ፣ ግዙፍ የግመል ጭንቅላት ይወጣል። ድሬዳዋ ያደገው ጓደኛችን እዚህ ጋ ሲደርስ ሳቁን ማቆም አቅቶት ነበር። ግመል! ለፈረንሳዩ አንባቢ ግን ግመል ከሥዕል በቀር አይታወቅም፤ በዚያ ላይ ድምፁ ነው የሚያርበደብደው። ግመሉ በጣሊያንኛ አንድ አጭር ነገር ይለዋል፤ ምን እንደሚፈልግ ይጠይቀዋል።

እኛ መጽሐፉን ከዚህች ጥያቄ ወዲህ ነው የወደድነው። ምክንያቱም አልቫሬ መልስ የለውም። ይኼ ሁሉ ፉከራ፣ ይኼ ሁሉ ጨለማ፣ ይኼ ሁሉ ድግምት፤ ሲጠየቅ ግን የሚፈልገው ነገር የለም። በአንደበቱ ጎበዝ ነውና አንተ ማነህ እንዲህ አስጠልተህ የምትመጣብኝ ብሎ ይቆጣል። ግመሉን ውሻ ሁን ይለዋል፤ ጆሮዋ መሬት የሚጠርግ ነጭ ትንሽ ውሻ ትሆናለች። ከዚያስ? ከዚያማ ውጭ ለሚጠብቁት ጓደኞቹ ግብዣ ያዛል። ጠረጴዛ፣ ወይን፣ ፍራፍሬ፣ ሙዚቃ። ሰይጣንን ከሲኦል ጠርቶ እራት አዘዘ! የሃያ አምስት ዓመት ወጣት ከዚህ በላይ በትክክል ተስሎ አላየንም።

ውሻዋ በግብዣው ላይ ቢዮንዴቶ የሚባል ትንሽ አሽከር ትሆናለች፤ ቀጥሎ በገና የምትደረድር ዘፋኝ፤ ቆይቶ ደግሞ ቢዮንዴታ የምትባል ውብ ወጣት። ከዚህ በኋላ አትለየውም። ቬኒስ አብረው ይሄዳሉ፤ ቁማር ሲከስር ስሌቱን ታሳየዋለች፤ ሲያኮርፍ ታባብለዋለች። እኔ ሰይጣን አይደለሁም፣ የአየር መንፈስ ነኝ፣ አንተን ስለወደድኩ ሥጋ ለበስኩ ትለዋለች። ይኼም በዘመኑ የተለመደ ሐሳብ ነበር፤ ቪላር የሚባል ቄስ በ1670 «ኮምት ደ ጋባሊስ» በሚል መጽሐፍ ካወጣው ወዲህ ፈረንሳዮች ስለ አየር መናፍስት ሲያወሩ ነው የኖሩት። ኦሎምፒያ የምትባል ቀናተኛ ሴት ቢዮንዴታን በጩቤ ታስወጋታለች። ደሟ ይፈስሳል። አልቫሬ አጠገቧ ተንበርክኮ ያለቅሳል። እንግዲህ የሚደማ ነገር ሰይጣን ነው?

የካዞት ጥበብ እዚህ ላይ ነው። ከሱ በፊት በተረት ውስጥ ሰይጣን ከመጣ ሰይጣን ነው፤ መልአክ ከመጣም መልአክ ነው፤ አንባቢው ቁጭ ብሎ ይሰማል። ካዞት ግን አልቫሬንም አንባቢውንም መሀል ላይ ሰቀላቸው። ማታ ማታ ሴት ናት፤ ጠዋት ጠዋት ግመሉ ትዝ ይለዋል። ቶዶሮቭ የሚባለው የሥነ ጽሑፍ ተመራማሪ በ1970 ባወጣው መጽሐፉ «ፋንታስቲክ» የሚባለው የጽሑፍ ዓይነት ሌላ ምንም ሳይሆን ይህች ማመንታት ናት ብሎ ሲተነትን ምሳሌውን የጀመረው ከአልቫሬ ነው። ጀርመናዊው ሆፍማን በ1821 በጻፈው ታሪክ ውስጥ የካዞትን መጽሐፍ በስም ጠርቶታል፤ ኔርቫልና ቦድሌርም ተነክተውበታል። የሥነ ልቡና ሊቁ ላካን ደግሞ የግመሉን ጥያቄ እንዳለች ወስዶ ስለ ሰው ልጅ ምኞት ሲያስተምር ተጠቅሞባታል። ይኼ ሁሉ ከአንዲት ቅዳሜ ከምታልቅ መጽሐፍ ነው።

እኛ ጋ ደግሞ ክርክሩ ሌላ መልክ ነበረው። አንዱ «ምን ያደክማችኋል፣ ይኼ ዓይነ ጥላ ነው» ብሎ ዘጋው። ልጁን ወዳው ከሰው እንዳይጋባ የያዘችው መንፈስ ናት፤ ጠበል ነው የሚያስፈልገው። ሴቶቹ ግን አልተቀበሉትም። እሷ ትዘፍናለች፣ ታስባለች፣ ትወጋለች፣ ትድናለች፤ እሱ ደግሞ ከእናቴ ፈቃድ ሳላገኝ አላገባሽም ይላል። «ሰይጣንም ብትሆን ከሱ የተሻለች ሰው ናት» አለች አንዷ። መልስ የሰጣት የለም።

ለእናቱ ፈቃድ ወደ ስፔን ሲጓዙ ሠረገላው ደጋግሞ ይሰበራል። በመንገድ ገበሬ ቤት ሠርግ ይደርስባቸዋል፤ እዚያ ሁለት አሮጊት ጠንቋዮች አልቫሬን ይዘው ስለ ቢዮንዴታ የሆነ ነገር ሊነግሩት ሲጀምሩ እሷ ደርሳ ታቋርጣቸዋለች። ልብ በሉ፤ ትንቢተኛ የተባለው ደራሲ በገዛ መጽሐፉ ውስጥ ጥንቆላውን ሳይጨርስ አስቆመው። በዚያች ሌሊት አልቫሬ ይሸነፋል። ቢዮንዴታም አሁን በእውነተኛ ስሜ ጠርተህ ውደደኝ ትለዋለች፤ ስሟም ብዔል ዜቡል ነው። ግመሉ እንደገና ይመጣል። አልቫሬ ሲነቃ ሁሉም ጠፍቷል፤ እየሮጠ እናቱ ወይዘሮ ሜንሲያ ዘንድ ይደርሳል፤ ከሳላማንካ የተጠሩ ሊቅም ከእንግዲህ እናትህ የመረጡልህን አግባ ብለው ይመክሩታል። መጨረሻው ካዞትንም አላስተኛውም፤ በ1776 እትም ላይ ለውጦ ጽፎታል። እኛንም አላሳረፈንም። ልጁ ከሰይጣን አምልጦ አሁንም ምን እንደሚፈልግ ሳያውቅ ቀረ፤ አሁን የሚመርጡለት እናቱ ናቸው።

አንድ ቀን አራት ኪሎ ማኪያቶ ይዘን ተቀምጠን ሳለ ያችው ለቢዮንዴታ የተሟገተችው ልጅ ጥያቄውን ወደ እኛ አዞረችው። ግመሉ መጥቶ ምን እንደምትፈልጉ ቢጠይቃችሁስ? አንደኛው ብርጭቆውን ሳያስቀምጥ «ቪዛ» አለ። ሌላው ኮንዶሚኒየም አለ። ሦስተኛዋ አለቃዬን ደህና ሁን የምልበት ብር አለች። ሳቅን። ጠያቂዋ ግን አልለቀቀችንም፤ «እሺ፣ ቪዛው መጣ። ከዚያስ?» አለች። ወዳጆቻችን፣ ጠረጴዛው ጸጥ አለ። ለነገሩ ይቺን ጥያቄ የምናውቃት ነን። ከመካከላችን አንዱ ከስንት ዓመት ሙከራ በኋላ ባሕር ማዶ ሄዷል፤ አውሮፕላን ማረፊያ ያላለቀሰ የለም። በደረሰ በሳምንቱ የላከልን መልእክት አጭር ነበር። ደርሻለሁ፣ አሁን ምን ላድርግ ይላል። እስካሁን ጥሩ መልስ ጽፈን አልላክንለትም።

ያች ልጅ ራሷ ቤተሰቦቿ ጎትተው አንድ ነቢይ ነኝ የሚል ሰው ዘንድ ወስደዋት ያውቃሉ። ሰውየው ዓመቱ ሳያልቅ ትዳር እንደሚመጣላት፣ ባሏም ከውጭ እንደሚሆን ነገራት። ዓመቱ አለቀ፤ ባሉም ቀረ። እሷን የከነከናት ግን የትንቢቱ መቅረት አይደለም። «አንድም ሰው ማግባት ትፈልጊያለሽ ወይ ብሎ አልጠየቀኝም» አለችን። ትንቢትና ጥያቄ የሚለያዩት እዚህ ላይ ነው። ትንቢት ላልጠየቅከው ነገር መልስ ይሰጥሃል፤ አርፈህ እንድትጠብቅ ያደርግሃል። የግመሉ ጥያቄ ግን ኃላፊነቱን አምጥቶ ጭንህ ላይ ያስቀምጠዋል። ሰው ለምን ከካዞት መጽሐፍ ይልቅ የካዞትን «ትንቢት» እንደመረጠ ያኔ ገባን። ትንቢቱ ይቀላል።

እውነቱን ለመናገር ካዞት ራሱም ከጥያቄው ጋር ብዙ አልቆየም። ኔርቫል እንደሚተርከው፣ መጽሐፉ ከወጣ በኋላ አንድ እንግዳ ሰው ቤቱ ድረስ መጥቶ ይኼን የምሥጢር ማኅበር ዕውቀት ከየት አገኘኸው ብሎ አፋጠጠው። ካዞት ደግሞ ከራሱ የፈጠረው ነበር። እንዲህም ሆነ እንዲያ፣ የማርቲኔዝ ደ ፓስካሊን ምሥጢራዊ ትምህርት ከሚከተሉት ጋር ተቀላቀለ። በቀልድ የጻፈውን ዓለም በእምነት ገባበት። ተረት መጻፉን ግን አልተወም፤ በ1788 እና በ1789 ዶም ሻቪ ከሚባል የሶርያ ተወላጅ መነኩሴ ጋር ሆኖ የ«ሺህ አንድ ሌሊት»ን ተከታይ አሳተመ።

ከዚያ አብዮቱ መጣ። ካዞት የንጉሡ ሰው ነበር፤ በዚህም አላመነታም። ፒዬሪ ቁጭ ብሎ በቤተ መንግሥቱ አካባቢ ለሚሠራ ወዳጁ ደብዳቤ በደብዳቤ ላይ ጻፈ፦ ንጉሡ እንዴት ሊድኑ እንደሚችሉ፣ አብዮቱ እንዴት እንደሚቀለበስ። ነሐሴ 10 ቀን 1792 ቤተ መንግሥቱ ሲወረር ደብዳቤዎቹ ተያዙ። ነቢይ ቢሆን ኖሮ እንዲቃጠሉ ያደርግ ነበር።

ከልጁ ከኤሊዛቤት ጋር ታሰሩ። መስከረም መጀመሪያ ላይ ሕዝቡ የፓሪስን እስር ቤቶች ሰብሮ ከአንድ ሺህ የሚበልጡ እስረኞችን ሲገድል፣ አባትና ልጅ አቤይ በሚባለው እስር ቤት ነበሩ። ተራው ደርሶ ሽማግሌውን ሲያወጡት ኤሊዛቤት አንገቱ ላይ ተጠመጠመች፤ እሱን ለመግደል መጀመሪያ እኔን ግደሉ አለች። ገዳዮቹ እጃቸው ዛለ። አባትና ልጅን ለቀቋቸው። በዚያች ቅጽበት ማንም ትንቢት አልተናገረም፤ አንዲት ሴት ግን ምን እንደምትፈልግ በትክክል ታውቅ ነበር።

ያም ሆኖ ከጥቂት ቀናት በኋላ ካዞት እንደገና ተያዘ፤ በዚያው ደብዳቤ ተከሰሰ። መስከረም 25 ቀን 1792፣ ንጉሣዊው ሥርዓት ከተሻረ በአራተኛው ቀን፣ በጊዮቲን አንገቱ ተቆረጠ። የሰባ ሁለት ዓመት ሰው ነበር። ላ ሃርፕ ያንን እራት ሲፈጥር የሽማግሌውን አሟሟት ያውቃል፤ እንዲህ ያለ ሰው ቀድሞ ሳያውቅ አይቀርም ብሎ ማሰብ ለአንባቢም ጥሩ ነው፤ ሞቱን የተጻፈ ያስመስለዋል። እኛ ግን ሳያውቅ እንደሞተ ማሰብ እንመርጣለን። ሳያውቁ መወሰን፣ ሳያውቁ መውደድ፣ ሳያውቁ ደብዳቤ መጻፍ የሁላችንም ዕጣ ነው።

መጽሐፉ ከሰውየው ይበልጥ ብልህ ነው ብለን እናምናለን። ሰውየው እርግጠኛ ሆኖ ሞተ፤ መጽሐፉ እያመነታ ከ250 ዓመት በላይ ኖረ። ሰይጣን ለወዳጁ ቅርብ ነው ይባላልና እስኪ እናንተም ተዘጋጁ። ግመሉ መስኮታችሁ ላይ ቢመጣ ምን ትሉታላችሁ? ብቻ «እራት» አትበሉት፤ እሷን አልቫሬ ቀድሟችኋል።